ሞኝና ወረቀት፦ የጀርመን የካርኒቫል ማኅበራት ታሪካዊ ቅኝት

ሰኞ ማለዳ ነው፤ ከዐቢይ ጾም መግቢያ በፊት ያለው የመጨረሻው ሰኞ። በደቡብ ምዕራብ ጀርመን፣ በሮትቫይል ከተማ፣ ብርዱ አጥንት ሰርስሮ ይገባል። ሕዝቡ ግን ገና በጨለማ ወጥቶ በዋናው መንገድ ግራና ቀኝ ተደርድሯል። የሁሉም ዓይን ከመንገዱ አናት ላይ ነው፤ በ13ኛው ክፍለ ዘመን በተሠራው «ጥቁር በር» በተባለው ማማ ላይ። ከጠዋቱ ሁለት ሰዓት ሲሞላ ደወሉ ይመታል፣ የከተማዋ ሙዚቀኞች የታወቀውን ማርሻቸውን ይጀምራሉ፣ ከበሩ ቅስት ሥርም ጭምብል ያጠለቁ ሰዎች እየዘለሉ ይወጣሉ።

መጀመሪያ የሚሰማው የደወሉ ድምፅ ነው። «ግሼል» የሚባለው ገጸ ባሕርይ ደረቱንና ጀርባውን በከባድ የነሐስ ደወሎች አስሮ በዘለለ ቁጥር መንገዱን ያናውጠዋል። ፊቱ ግን ሰላማዊ ነው፤ ለስላሳና ፈገግ ያለ የእንጨት ፊት። ቀጥሎ «ቢስ» ጥርሱን አግጥጦ ይመጣል፤ ስሙም ከንክሻ ጋር የተያያዘ ነው። ልብሱ ከላይ እስከ ታች የዝይ ላባ የተሰፋበት «ፌደራሃነስ» ደግሞ በረጅም በትሩ ተደግፎ ወደ ላይ ይወረወራል፤ በበትሩ ጫፍ ባሠረው የጥጃ ጭራም የተመልካቹን ፊት ይኮረኩራል። ዣንጥላና ቅርጫት የያዘው ሽማግሌ «ሻንትለ» ቀስ እያለ ይከተላል። ከጭምብሉ ጀርባ ያለው ማን እንደሆነ አይታወቅም። ጎረቤት ይሆናል፣ የልጅ አስተማሪ ይሆናል፣ ዳቦ ጋጋሪው ይሆናል።

ከመካከላቸው አንዱ ከሰልፉ ወጣ ብሎ ከአንዲት ሴትዮ ፊት ይቆማል። በእጁ ሥዕል ያለበት መጽሐፍ አለ። ድምፁን ለውጦ፣ በአገሩ ዘዬ፣ እሷ ወይም አንድ ዘመድዋ ባለፈው ዓመት የሠሩትን ስሕተት እየገለጠ ያነብላታል። ሴትዮዋ እየሳቀች ትሰማለች። ሲጨርስ ከረሜላ ሰጥቷት ይሄዳል። ነገሩ ስድብ አይደለም፤ የሠራሽውን አይተናል፣ አሁንም የእኛው ነሽ እንደማለት ነው።

ይህን የሚያይ እንግዳ ብዙ ጊዜ «ከጥንት ጀምሮ ሳይለወጥ የመጣ ወግ» ብሎ ይደመድማል። እንዲህ ማለት ይቀላል፣ ግን እውነት አይደለም። ይህ ወግ ተከልክሏል፣ ተረስቷል፣ ለክፉ ዓላማ ውሏል፣ በሌላ ተተክቷል፣ እንደገናም ተለቅሞ ተሰብስቧል። እዚህ ያደረሰው ዕድሜው ሳይሆን የያዙት ሰዎች ናቸው፤ ስማቸውን መዝግበው፣ ደንብ ጽፈው፣ መዋጮ አውጥተው ማኅበር ያቆሙ የየከተማው ሰዎች። እነዚህ ማኅበራት በጀርመንኛ «ናረንትሱንፍት» ይባላሉ፤ የሞኞች ማኅበር ማለት ነው። በእኛ ቋንቋ «ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም» ይባላል። የዚህ ቅኝት ታሪክም የሞኞችና የወረቀታቸው ታሪክ ነው። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ቅበላ

የጀርመን ካርኒቫል መነሻ ምን እንደሆነ ለአማርኛ አንባቢ ማስረዳት አይከብድም፤ ቃሉ አለንና። ቅበላ ነው። የበዓሉ የጀርመንኛ ስም «ፋስትናኽት» የጾም ዋዜማ ማለት ነው፤ በደቡብ ምዕራብ ዘዬ «ፋስኔት» ይሉታል። «ካርኒቫል» የሚለውም ቃል ሥጋን ከመተው ጋር የተያያዘ የላቲን ሥር አለው። በመካከለኛው ዘመን የምዕራቡ ቤተ ክርስቲያን ጾም ሥጋን ብቻ ሳይሆን ወተትን፣ ቅቤን፣ አይብንና ዕንቁላልንም ይከለክል ነበር። ስለዚህ ከጾሙ በፊት በየቤቱ ያለው ፍስክ ማለቅ ነበረበት። ከብት ይታረዳል፣ ዕንቁላሉ በስብ ይጠበሳል፣ ሰርግ ይሰረጋል፣ ይጨፈራል። በደቡብ ምዕራብ ጀርመን ከጾሙ በፊት ያለው ሐሙስ እስከ ዛሬ «ሽሞትሲገ ዱንሽቲግ» ይባላል። «ሽሞትስ» በአገሩ ዘዬ ስብ ነው፤ ዕለቱ በስብ የተጠበሰ ጣፋጭ ቂጣ የሚበላበት ሐሙስ ነው።

ቀኑም የራሱ ታሪክ አለው። በ1091 በጣሊያን ከተማ በቤኔቬንቶ የተሰበሰበው ጉባኤ እሑዶች ከ40ው የጾም ቀን እንዳይቆጠሩ ሲወስን የጾሙ መግቢያ ወደ ኋላ ተስቦ ረቡዕ ላይ አረፈ፤ ይህም «የአመድ ረቡዕ» የሚባለው ነው። ሁሉም ግን አልተቀበለውም። አንዳንድ ቦታ በአሮጌው ቀን ማክበር ቀጠለ። የስዊዘርላንዷ ባዝል ዛሬም ካርኒቫሏን የምትጀምረው ከአመድ ረቡዕ በኋላ ባለው ሰኞ ከሌሊቱ 10 ሰዓት ላይ፣ የከተማው መብራት ሁሉ ጠፍቶ፣ በፋኖስና በከበሮ ነው።

የበዓሉ መረጃ ከጥንት ጀምሮ የምናገኘው በአብዛኛው ገንዘብና ክልከላ ባለበት ቦታ ነው። ኮሎኝ በ1341 የከተማዋ ሸንጎ ለፋስትናኽት ድግስ ገንዘብ እንዳይሰጥ የሚያግድ ቃል በመሐላ መዝገቧ ጻፈች። ከልካዩ ባይጽፍ ኖሮ ዛሬ ስለ ድግሱ ብዙ አናውቅም ነበር።

ሞኙ ማን ነው?

በዚያ ዘመን ጨዋታውን የሚያዘጋጁት የሙያ ማኅበራት ነበሩ፤ ሥጋ ሻጮች፣ ጫማ ሰፊዎች፣ ዳቦ ጋጋሪዎች። የሙያ ማኅበሩ እንደ እድር አባሉን ይቀብራል፣ እንደ ሸንጎ ይዳኛል፣ በበዓልም ያስጨፍራል። ከሁሉ የታወቀው በኑረንበርግ ከ1449 እስከ 1539 የተካሄደው «ሼምባርትላውፍ» የተባለው የጭምብል ሰልፍ ነው። አፈ ታሪኩ ሥጋ ሻጮች በ1348 በተነሣው የሙያተኞች ዐመፅ ከሸንጎው ጎን ስለቆሙ የጨዋታ መብት ተሰጣቸው ይላል። ሰልፉ ያከተመውም በራሱ ድፍረት ነው፤ በ1539 የከተማዋን የተሐድሶ ሰባኪ አንድሬያስ ኦዚያንደርን ስላሾፈበት ተከለከለ።

የካርኒቫሉ ዋና ገጸ ባሕርይ «ናር» ነው፤ ሞኝ። የዘመኑ ሰው ግን ይህን ቃል ሲሰማ የሚያስቀውን ሰው ብቻ አልነበረም የሚያስበው። በእጅ በተጻፉ የላቲን መዝሙረ ዳዊቶች ውስጥ፣ አምላክ የለም ብሎ በልቡ ስለሚያስብ ሰው የሚናገረው መዝሙር መጀመሪያ ላይ፣ ሠዓሊዎች ደጋግመው የሣሉት ይህንኑ ሞኝ ነው፤ በትር ይዞ፣ በኋላም ቆቡ ላይ ቃጭል አንጠልጥሎ። ሞኝ ማለት ፈጣሪውን የረሳ፣ ሞቱን የማያስብ ሰው ነበር። ሴባስቲያን ብራንት በ1494 በባዝል ያሳተመው «የሞኞች መርከብ» የተባለው መጽሐፍ የዘመኑን ሰው ሁሉ በአንድ መርከብ አሳፍሮ ያሳየው በዚሁ መንፈስ ነው። ወደ ጾም ከመግባቱ በፊት ሰው የሞኝን ልብስ ይለብስና ሞኝነቱን በአደባባይ ያሳያል፤ ረቡዕ ግን ግንባሩ ላይ አመድ ተቀብቶ አፈር መሆኑን ያስታውሳል። ሳቁና አመዱ አንድ ትምህርት ነበሩ።

ስለዚህ የማርቲን ሉተር ተሐድሶ ሲመጣ ፋስኔት ግማሽ አገሩን አጣ። ጾሙን ያስቀሩ ከተሞች ቅበላውን ለምን ያቆያሉ? በደቡብ ምዕራብ ጀርመን ካርታ ላይ ይህ እስከ ቅርብ ጊዜ ድረስ በግልጽ ይታይ ነበር። አንዱ የካቶሊክ መንደር ሲጨፍር፣ በእግር የአንድ ሰዓት መንገድ ርቃ ያለችው የፕሮቴስታንት መንደር በዝምታ ትውላለች። ከዚህ ሕግ የወጣችው ባዝል ናት፤ በ1529 ተሐድሶውን ተቀብላም ካርኒቫሏን አልለቀቀችም።

በ18ኛው ክፍለ ዘመን ሌላ ጠላት መጣ። የብርሃነ ሕሊና ዘመን ባለሥልጣናት ጭምብሉን የድንቁርና ምልክት አድርገው አዩት። ፊቱን የሸፈነ ሰው ማንነቱ አይታወቅምና ፖሊስም አልወደደውም። እንደ ሮትቫይል ያሉ ራሳቸውን የሚያስተዳድሩ ከተሞች በ19ኛው ክፍለ ዘመን መባቻ ነጻነታቸውን አጥተው ፕሮቴስታንት ገዢዎች ባሉት በቩርተምበርግ ሥር ሲገቡ፣ የድሮው ልብስ የድሃ የእጅ ሠራተኛ ጨዋታ ሆኖ ወደ ጎን ተገፋ።

1823፦ ኮሚቴው

አሁን ዓለም የሚያውቀው ዓይነት ካርኒቫል የተወለደው ከዚያ ርቆ፣ በራይን ወንዝ ዳር፣ በኮሎኝ ነው። ከተማዋ በ1794 በፈረንሳይ ጦር፣ በ1815 ደግሞ በፕሩሲያ እጅ ገባች። የመንገድ ጭምብሉ ወደ ስካርና ጠብ አዘንብሎ ነበር። የተማሩና ሀብት ያላቸው የከተማዋ ሰዎች ተሰብስበው «በዓሉን የሚያደራጅ ኮሚቴ» አቋቋሙ፤ ፌብሩዋሪ 10 ቀን 1823ም የመጀመሪያው የተደራጀ የሰኞ ሰልፍ ወጣ። መሪው «ጀግናው ካርኒቫል» የተባለ ገጸ ባሕርይ ነበር፤ በኋላ ልዑል ሆነ።

በዚያው ዓመት «ሮተ ፉንከን» የተባለው ማኅበር ተመሠረተ። ቀይ የለበሱት አባላቱ ፈረንሳዮች ሲገቡ የተበተኑትን የድሮዎቹን የኮሎኝ ወታደሮች መስለው ይሰለፋሉ። ጠመንጃቸው የእንጨት ነው፣ ሰልፋቸው ዳንስ ነው። በፕሩሲያ ወታደራዊ ሥርዓት ሥር ለሚኖር ሕዝብ ይህ ምን ማለት እንደነበር ማስረዳት አያስፈልግም። በእነሱ ዘንድ የሞኞች ቁጥር 11 ነው፤ ወቅቱ የሚከፈተውም በ11ኛው ወር፣ በ11ኛው ቀን፣ በእነሱ ሰዓት አቆጣጠር 11 ሰዓት ከ11 ደቂቃ ላይ ነው።

ሴቶች በእነዚህ ኮሚቴዎች ውስጥ አልነበሩም። ከቦን ማዶ በምትገኘው ቦይል የሚኖሩ ልብስ አጣቢ ሴቶች ግን በ1824 የራሳቸውን የሴቶች ኮሚቴ አቆሙ። ባሎቻቸው የታጠበውን ልብስ ሊያደርሱ ኮሎኝ ሄደው ሲጨፍሩ፣ እነሱ እጃቸው በቀዝቃዛ ውኃ ውስጥ እየደነዘዘ ሲሠሩ ይውሉ ነበር። በሐሙሱ ቀን ሥራ አቁመው ተሰበሰቡ፣ ተወያዩ፣ ተደሰቱ። ዛሬ በራይንላንድ ሁሉ ሴቶች በየማዘጋጃ ቤቱ ገብተው ሥልጣን የሚረከቡበትና የወንዶችን ከረባት በመቀስ የሚቆርጡበት ሐሙስ ከእነዚህ አጣቢዎች ጋር የተያያዘ ነው። ከልብስ ማጠቢያው ዳር የተነሣ ማኅበር 200 ዓመት ዘለቀ።

ወደ አሮጌው ሣጥን መመለስ

የኮሎኙ ሞዴል በፍጥነት ተስፋፋ። በደቡብ ምዕራብም ልዑል፣ ኮሚቴና ያጌጠ ሠረገላ ፋሽን ሆኑ፤ የእንጨቱ ጭምብል በየጣሪያው ሥር ባለ ሣጥን ውስጥ አቧራ ጠጣ። ወደ 19ኛው ክፍለ ዘመን ማብቂያ ግን አንድ ለውጥ መጣ። በትንንሾቹ ከተሞች ያሉ የእጅ ሙያተኞች የሀብታሞቹ ካርኒቫል የእነሱ እንዳልሆነ ተሰማቸው። የአያቶቻቸውን ልብስ ከሣጥን አወጡ፤ የጎደለውን አሟሉ፣ የተቀደደውን ሰፉ፣ ያልተጻፈውን ደንብ ጻፉ። ሕጉም ረዳቸው። በ1900 ሥራ ላይ የዋለው የጀርመን ፍትሐ ብሔር ሕግ 7 ሰዎች ተሰብስበው ማኅበር እንዲያስመዘግቡ በር ከፈተ። የአገሬው ሰው ከዚያ ወዲህ ለዘፈንም፣ ለእርግብ ማርባትም፣ ለሞኝነትም ማኅበር ያስመዘግባል።

የመጀመሪያው የዓለም ጦርነትና ተከትሎት የመጣው ችግር ግን መንግሥታቱን እንደገና ወደ ክልከላ መለሳቸው። ሕዝቡ ተርቦ ምን ጭፈራ አለ ተባለ። ማኅበራቱ የመለሱት በመሰባሰብ ነው። ኖቬምበር 16 ቀን 1924 በፊሊንገን ከተማ ተገናኝተው «የሽቫብና የአለማን የሞኞች ማኅበራት ኅብረት» የተባለውን አቋቋሙ። ክርክራቸው ግልጽ ነበር፤ የእኛ ተራ ፈንጠዝያ አይደለም፣ የሕዝብ ወግ ነው፣ ስለዚህ ሊከለከል አይገባም። ባህልን መጠበቅ የሚለው ቋንቋ በዚህ አካባቢ የተወለደው ከፖሊስ ክልከላ ጋር በተደረገ ትግል ውስጥ መሆኑን ልብ ማለት ይገባል።

በደቡብ ምዕራብ የየከተማው ጨዋታ የየራሱ ነው። በኤልትሳኽ ቀይ የለበሰው «ሹቲግ» የቀንድ አውጣ ዛጎል በተሰፋበት ባለሦስት ማዕዘን የገለባ ባርኔጣ፣ በተነፋ የአሳማ ፊኛ መንገደኛውን እየመታ ያልፋል። በኮንስታንስ ሐይቅ ዳር ባለችው ኡበርሊንገን «ሄንዘለ» የተባለው ጥቁር ለባሽ ረጅም ጅራፍ ያጮኻል፤ በቡሄ ጅራፍ ሲያጮኽ ያደገ ሰው ያንን ድምፅ ከሩቅ ይለየዋል። በሽራምበርግ ከ1936 ጀምሮ ሰዎች በእንጨት ገንዳ ተቀምጠው በቀዝቃዛው ወንዝ ቁልቁል ይወርዳሉ። በሽቶካኽ ደግሞ የሞኞች ፍርድ ቤት አለ፤ ታዋቂ ፖለቲከኞችን ከስሶ ቅጣታቸውን በወይን ጠጅ ይበይናል። የዚህ ችሎት አፈ ታሪክ ሃንስ ኩዎኒ ወደተባለ የመስፍን አጫዋች ይወስደናል። በ1315 መስፍኑ ሌዎፖልድ ወደ ስዊዘርላንድ ሲዘምት አማካሪዎቹ እንዴት እንደሚገባ ብቻ መከሩት፤ ሞኙ ግን እንዴት እንደምትወጣስ ብሎ ጠየቀ። ጦሩ በሞርጋርተን ተደመሰሰ። ከዚያ ወዲህ የሞኝን ጥያቄ የሚሰማ ችሎት ያስፈልጋል ተባለ።

የጨለማው ዘመን

ቅርስ ጠባቂ ነኝ የሚል ማኅበር የሚፈተነው የጀግንነቱን ዘመን ሲተርክ አይደለም፤ የሚያሳፍረውን ሲተርክ ነው። በ1934 የኮሎኝ የሰኞ ሰልፍ ላይ አይሁድ መስለው የለበሱ ሰዎች ከአገር ሲሰደዱ የሚያሳይ ሠረገላ ወጣ፤ «የመጨረሻዎቹ ሊሄዱ ነው» የሚል ስም ነበረው። ሕዝቡ ሳቀ። እዚያው ከተማ በ1922 የተቋቋመ የአይሁድ የካርኒቫል ክበብ ነበረ፤ አባላቱ ኮሎኝን እንደማንም ይወዱ ነበር። በጥቂት ዓመት ውስጥ ክበቡ ጠፋ፣ ሰዎቹ ተሰደዱ ወይም ተገደሉ።

በ1935 የናዚ ፓርቲ የመዝናኛ ድርጅት በዓሉን ጠቅልሎ ሊይዝ ሲሞክር የኮሎኝ ማኅበራት እምቢ አሉ። ይህ እምቢታ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ለረጅም ጊዜ «የሞኞች ዐመፅ» እየተባለ ተወደሰ። ነገር ግን እምቢ ያሉት ማኅበራቸውን ላለማስነጠቅ ነበር፤ ለተባረሩት አይሁድ አባሎቻቸው አልነበረም። በመድረክ ላይ የሂትለርን ሰላምታ መቀለጃ ያደረገው ካርል ኩፐር ግን ነበረ። በ1939 እንዳይናገር ታገደ፤ ብዙ ባልደረቦቹም አልቆሙለትም። ልዑሉን አጅባ የምትወጣውን «ድንግል» በወግ ወንድ ነበር የሚጫወተው፤ በ1938ና በ1939 ናዚዎች ወንድ በሴት ልብስ አይታይም ብለው ሴት አስለበሱ። እስከ ልብስ ድረስ ገብተው ነበር።

በደቡብ ምዕራብ ጉዳቱ ሌላ መልክ ነበረው። የዘመኑ ሊቃውንት ፋስኔት የክርስትና ቅበላ ሳይሆን ክረምትን የሚያባርር የጥንት የጀርመን ጣዖታዊ ሥርዓት ነው ብለው ሰበኩ። ለገዢው ርዕዮተ ዓለም የሚመች ታሪክ ነበር፤ ማኅበራቱንም አስደሰታቸው፣ ክብር ሰጥቷቸዋልና። ከጦርነቱ በኋላም ይህ ተረት በሰልፍ መግለጫዎችና በትምህርት ቤት ሲደጋገም ኖረ። እውነቱን ያወጡት ከ1960ዎቹ ጀምሮ በመዝገብ ቤት የተቀመጡ ተመራማሪዎች ናቸው። በቱቢንገን ዩኒቨርሲቲ በሄርማን ባውዚንገር ዙሪያ የተሰበሰቡት ሊቃውንትና በኋላም ቬርነር ሜትስገር ሰነዶቹን እያገላበጡ ከመካከለኛው ዘመን በፊት የሚወርድ ሰንሰለት እንደሌለ፣ የበዓሉ ሥር የጾም ዋዜማ እንደሆነ አሳዩ። ሜትስገር በ1991 ያሳተመው ሰፊ ጥናት የሞኙን አስተሳሰብ ከመዝሙረ ዳዊቱ ሥዕል ጀምሮ ይተርካል። ለብዙ ማኅበራት ይህን መቀበል ቀላል አልነበረም፤ ሁለት ሺህ ዓመት ዕድሜ አለኝ ሲል የኖረ ሰው ልብስህ የ18ኛው ክፍለ ዘመን ነው ሲባል ይከፋዋል። የተቀበሉት ግን የበለጠ ነገር አገኙ፤ የራሳቸውን እውነተኛ አያቶች አገኙ።

ልብሱና ደንቡ

ከዚህ ሁሉ ታሪክ ወርደን ወደ አንድ ጭምብል እንቅረብ። ጠራቢው አብዛኛውን ጊዜ የሚመርጠው የሊንደን ዛፍ እንጨት ነው፤ ለስላሳ ነው፣ አይሰነጠቅም፣ ሲደርቅ ይቀላል። ፊቱን ከውጭ ሲያወጣ ውስጡን ደግሞ ይቦረቡረዋል፤ የሚያጠልቀው ሰው ለብዙ ሰዓት በዚያ ውስጥ ይተነፍሳልና ቀጭን መሆን አለበት። የዓይኑ ቀዳዳ ጠባብ ነው። ለባሹ የሚያየው ከፊቱ ያለችውን ትንሽ ቦታ ብቻ ነው፤ የቀረውን በደወሉና በጓደኞቹ ድምፅ ይከተላል። ልብሱ፣ በብዙ ቦታ «ሄስ» የሚሉት፣ ነጭ በፍታ ሆኖ በእጅ የተሣለ ሊሆን ይችላል። ከአያት ለልጅ፣ ከልጅ ለልጅ ልጅ ይወረሳል፤ ሲጠብ ይሰፋል፣ ሲሰፋ ይጠብባል።

ይህን ልብስ ማንም እንደፈለገ አይለውጠውም። ማኅበሩ ልብሱን የሚመረምር ኃላፊ አለው። ጭምብሉ በወጉ የተጠረበ ነው? ቀለሙ ትክክል ነው? ጓንቱስ? አልፎ ካልተገኘ አይሰለፍም። ለውጭ ሰው ይህ የቢሮክራሲ አባዜ ሊመስለው ይችላል። ግን ደንቡ የሚጠብቀው ልብሱን ብቻ አይደለም። ጭምብል ያጠለቀ ሰው ያልታወቀ ሰው ነው፤ ያልታወቀ ሰው ደግሞ ጉዳት ሊያደርስ ይችላል። ማኅበሩ ማን ከየትኛው ጭምብል ጀርባ እንዳለ በመዝገቡ ስለሚያውቅ ከተማው ያለ ፍርሃት ፊቱን ለላባ ለባሹ የጥጃ ጭራ ይሰጣል። ነጻነቱን የፈጠረው ወረቀቱ ነው።

ቀሪው ሥራ በዓል የለውም። የመንገድ መዝጊያ ፈቃድ፣ ኢንሹራንስ፣ የልጆች ልምምድ፣ የድሮ ፎቶግራፍ መለየት፣ የታመመ አባልን መጠየቅ። ኅብረቱ በ1973 በባድ ዱርሃይም ከተማ የከፈተው ሙዚየም የየከተማውን ልብስ ጎን ለጎን አቁሞ ያሳያል። በ2014 ጀርመን የመጀመሪያውን አገር አቀፍ የማይዳሰስ ቅርስ መዝገቧን ስታወጣ የሽቫብና የአለማን ፋስትናኽትም የራይንላንድ ካርኒቫልም ገቡበት። መዝገቡ ውስጥ የገባው ግን ቁሱ አይደለም፤ የሚያደርጉት ሰዎች እውቀት ነው።

አሁን የሚነሡ ጥያቄዎች

ዛሬ በጀርመን የካርኒቫል ብሔራዊ ፌደሬሽን ሥር ብቻ ከ5,000 በላይ ማኅበራት አሉ፤ በደቡብ ምዕራብም አዲስ ማኅበር ያልፈላበት መንደር ጥቂት ነው። ሁሉም በአንድ መንፈስ አልተስማሙም። ሮትቫይል፣ ኤልትሳኽ፣ ኡበርሊንገንና ኦበርንዶርፍ ከኅብረቱ ወጥተው በ1963 የአራትዮሽ ጥምረታቸውን መሠረቱ፤ ወጉ ከገዛ ከተማው ወጥቶ ተዘዋዋሪ ትርኢት እንዳይሆን ይጠነቀቃሉ። አዲሶቹ ማኅበራት ብዙውን ጊዜ የሚመርጡት ገጸ ባሕርይ ጠንቋይዋን ነው። ይህች በማኅበር ተደራጅታ መውጣት የጀመረችው በ1930ዎቹ በኦፈንቡርግ ነው። በ16ኛውና በ17ኛው ክፍለ ዘመን በዚያው አካባቢ ጠንቋይ ተብለው የተቃጠሉ ብዙ ሴቶች እንዳሉ ለሚያውቅ ሰው፣ በጭምብሉ ፊት ቆሞ መሳቅ ቀላል አይሆንለትም። ይህን የሚያስቡ ማኅበራት አሉ፤ ብዙ መሆን አለባቸው።

ለእኛ ለአፍሪካውያን ደግሞ የሚነካን ጉዳይ አለ። ፊትን በጥቁር ቀለም ቀብቶ፣ የሣር ቀሚስ ታጥቆ «አፍሪካዊ» ነኝ እያሉ መሰለፍ በጀርመን ካርኒቫል ለረጅም ዘመን የተለመደ ነበር። በጀርመን የተወለዱ ጥቁር ልጆች ከሰልፉ ዳር ቆመው ራሳቸውን እንደ መቀለጃ አይተዋል። ክርክሩ ከተነሣ ወዲህ ስማቸውንና ልብሳቸውን የለወጡ ማኅበራት አሉ፤ «ወጋችን ነው» ብለው የጸኑም አሉ። ፋስኔት በራሱ ሕግ ሲመዘን መልሱ ግልጽ ነው። የሞኙ ሥልጣን ታላቁን ዝቅ ማድረግ፣ ጎረቤቱንም በፍቅር መገሠጽ ነው። ድምፅ የሌለውን ማዋረድ በዚህ ወግ ውስጥ ሥር የለውም።

ወጉ መለወጥ እንደሚችል ቅርብ ዘመን አሳይቷል። በ2017 ኮሎኝ ውስጥ አዲስ የአይሁድ የካርኒቫል ማኅበር ተቋቋመ፤ በ1922 የተጀመረውን ክር ቀጠለ። በ1991 በባሕረ ሰላጤው ጦርነት ምክንያት ትላልቆቹ ሰልፎች ተሰረዙ። በ2021 የኮሮና ወረርሽኝ መንገዱን ባዶ አደረገው። በ2022 ሩሲያ ዩክሬንን በወረረች በቀናት ውስጥ የኮሎኝ ማኅበራት የሰኞውን ሰልፍ ወደ ሰላም ሰልፍ ለወጡት፤ ሩብ ሚሊዮን ያህል ሰው ወጣ፣ ብዙው የካርኒቫል ልብሱን እንደለበሰ። የሞኝ ቆብ ለሐዘንም እንደሚሆን ያን ቀን ታየ።

አቧራው

በሮትቫይል ማክሰኞ ምሽት የጸሎት ደወል ሲደወል ጭምብል ይወልቃል። ሲዘል የዋለው ጎልማሳ ፊቱ በላብ ርሶ፣ ጸጉሩ ተጣብቆ፣ ሕዝቡ መካከል ይቆማል። ያን ጊዜ ያነበበላት ሴትዮ ማን እንደነበር ታውቃለች። በማግስቱ ቤተ ክርስቲያን ሄዶ ግንባሩን በአመድ ያስቀባል፣ ምሳውም ዓሣ ነው። ልብሱ ተጣጥፎ፣ ጭምብሉ በጨርቅ ተጠቅልሎ ወደ ሣጥን ይመለሳል።

ሣጥኑ እስከ ጃንዋሪ 6 አይከፈትም። በዚያን ዕለት የማኅበሩ ሰዎች ጥቁር ኮታቸውን ለብሰው፣ ብሩሽ ይዘው፣ በየቤቱ እየዞሩ ያንኳኳሉ፤ «አቧራ አራጋፊዎች» ይባላሉ። ባለቤቱ በር ይከፍታል፣ ሣጥኑን ያወጣል። ልብሱ ተዘርግቶ በብሩሽ ይጠረጋል፤ ብል በልቶት እንደሆነ፣ ደወሉ ላልቶ እንደሆነ ይታያል። መጠጥ ይቀርባል፣ መልካም ምኞት ይባላል፣ ወደሚቀጥለው ቤት ይታለፋል። በዚያች ከተማ ወግ መጠበቅ ማለት ይህ ነው፦ በየዓመቱ አንድ ሰው ደጃፍህን አንኳኩቶ፣ ሣጥንህን ክፈት፣ አቧራውን አብረን እናራግፍ ሲልህ።